ሳቃችን የት ሄደ?

ልጆቼ፣ በተለይ ሴቶቹ፣ ጅሬን አባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ደጃፍ ላይ በስልክ ስትቀርጹ አያችኋለሁ። ደስ ይለኛል። እኔ በናንተ ዕድሜ ካሜራ የያዝኩት ሰርግ ለመቅረጽ ነው። እንጀራዬ እሱ ነበር። ሙሽራዋን «አንገትሽን ደፋ አድርጊ፣ አትሳቂ» የምላት እኔው ነኝ። ሴት ሆኜ! አመሉ በኋላም አልለቀቀኝም።

የመጀመሪያ ዘጋቢ ፊልሜን የሠራሁት እዚሁ ጅማ፣ መጋዘን ውስጥ ቡና በሚለቅሙ ሴቶች ላይ ነው። ቀኑን ሙሉ ቁጭ ብለው የተሰበረውንና የጠቆረውን ፍሬ ይለያሉ። ጣታቸው ከዓይናቸው ይቀድማል። በኦሮምኛ ይቀላለዳሉ። አንዷ ስለ አማቷ ስታወራ ሁሉም በሳቅ ፈረሱ። ኤዲተሩ ኦሮምኛ አይችልም። «ይሄ ምን ያደርግልናል?» አለኝ። እኔ እችላለሁ፤ ግን ዝም አልኩ። ሳቁ ወጣ፣ ዋሽንት ገባ፣ እንባ ያቀረረ አንድ ዓይን ቀረ። (እንባውም የአቧራ ነበር።)

ፊልሙን ላሳያቸው ተመለስኩ። አዩ። ያቺው ባለወግ ሴትዮ «ቆንጆ ነው። ሳቃችን የት ሄደ?» አለችኝ። መልስ አጣሁ።

ከዓመታት በኋላ የቤልጂየሟን የፊልም ዳይሬክተር የሻንታል አከርማንን «ዣን ዲልማን» የተባለ ፊልም አየሁ። እ.ኤ.አ. በ1975፣ 25 ዓመት ሳይሞላት የሠራችውን። ባሏ የሞተባት አንዲት እናት ከሦስት ሰዓት በላይ ድንች ስትልጥ፣ አልጋ ስታነጥፍ፣ ዕቃ ስታጥብ እናያለን። ካሜራው ንቅንቅ አይልም። እውነቱን ልንገራችሁ፣ መጀመሪያ እንቅልፍ ወሰደኝ። ለሁለተኛ ጊዜ ሳየው ግን ድንቹ ከመጠን በላይ ሲበስልባት ክው አልኩ። እጇን ለምጄው ነበራ! እ.ኤ.አ. በ2022 ሳይት ኤንድ ሳውንድ የተባለው የእንግሊዝ መጽሔት ከ1600 በላይ ሃያስያንና የፊልም ሰዎችን ድምፅ ሲያሰጥ፣ አንደኛ የወጣው ይሄው ፊልም ነው። እኔ ለለቃሚዎቹ እጅ የሰጠሁት ሦስት ሰከንድ ነበር።

ስለዚህ የምትቀርጿት ሴት ሥራዋን ስትሠራ ቶሎ አትቁረጡባት። የምትናገርበትን ቋንቋ የሚሰማ ሰው ኤዲቲንግ ላይ አጠገባችሁ ይኑር፤ እሱም እንደኔ ዝም አይበል። ሙዚቃ ከመጫናችሁ በፊት ለባለታሪኳ አሳዩአት። ክረምት ከሆነ ደግሞ ድምፁን ሌላ ቀን ቅዱ። የጅማ ዝናብ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ማንንም አያስወራም።

ያ ሳቅ ያለበት ካሴት አሁንም ቤቴ አለ። ማጫወቻው ግን ከተበላሸ ቆየ። የሚጠግን ሰው ካወቃችሁ ጠቁሙኝ፤ ሴትዮዋ አሁንም ስታገኘኝ ትጠይቀኛለች።