መልስ፦ ናምቡዲሪፓድ አብላጫ ድምፅ እያላቸው ለምን ከሥልጣን ተነሱ?

የሕንድ ግዛት የኬረላ ዋና ሚኒስትር የነበሩትን ኮሚኒስቱን ናምቡዲሪፓድን ያነሳቸው የግዛቱ ምክር ቤት ሳይሆን የዴልሂ ማዕከላዊ መንግሥት ነው። እ.ኤ.አ. በ1957 ምርጫ ኮሚኒስቶቹ ከ126 መቀመጫ 60ውን ያዙና በ5 የግል ተመራጮች ድጋፍ መንግሥት መሠረቱ። ሥራ በጀመሩ በሳምንት ውስጥ ጭሰኛን ከመሬቱ ማፈናቀል በአዋጅ ታገደ። በ1932 በጋንዲ የእምቢተኝነት ዘመቻ የታሰሩት ናምቡዲሪፓድ ራሳቸው የባለመሬት ብራህሚን (የሂንዱ ካህናት መደብ) ልጅ ናቸው፤ ውርሳቸውንም ለፓርቲው ሰጥተዋል።

ብዙ ሰው መውደቃቸውን ከመሬት ሕጉ ጋር ብቻ ያያይዘዋል። በእኔ እምነት እሳቱን የጫረው የትምህርት ሕጉ ነው፦ የግል ትምህርት ቤቶችን የመምህራን ቅጥርና ደመወዝ መንግሥት እንዲቆጣጠር ስለሚያደርግ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያንና የናይር (የሂንዱ መደብ) ማኅበር አብረው ተነሱበት። በዴልሂ ሥልጣን ላይ የነበረው የኮንግረስ ፓርቲም ተቃውሞውን ተቀላቀለ፤ የፖሊስ ጥይት ሰው ሲገድል ነገሩ ባሰ። እ.ኤ.አ. ጁላይ 31 ቀን 1959 በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 356 የፕሬዚዳንት አገዛዝ፣ ማለትም ግዛቱን ማዕከላዊው መንግሥት በቀጥታ የሚያስተዳድርበት ሥርዓት፣ ታወጀ። በ1967 ግን በምርጫ አሸንፈው ተመለሱ።