መልስ፦ የአባቴ እግር እብጠት ዝሆኔ ነው?

እኅቴ፣ አባትሽን እሾህ ከወጋቸው በኋላ እግራቸው ያለ ሕመም ለዓመታት ማበጡን፣ አሁንም ከቁስሉ ጥቁር ፍሬ የመሰለ ነገር መውጣቱን ጽፈሻል። ዝሆኔ እንዲህ ያለ ፍሬ አያወጣም፤ እኔ የምጠረጥረው ማይሴቶማን ነው። በአፈር ውስጥ የሚኖሩ ፈንገሶች ወይም ባክቴሪያዎች በእሾህ ቀዳዳ ገብተው የሚያመጡት በሽታ ነው። ጥቁር ፍሬ አብዛኛውን ጊዜ ፈንገስን፣ ቀይ ደግሞ ባክቴሪያን ያመለክታል። ልዩነቱ ቀላል አይደለም፦ ለባክቴሪያው ለወራት የሚወሰድ አንቲባዮቲክ ይሰጣል፤ ፈንገሱ ግን እንደ ኢትራኮናዞል ያለ መድኃኒትና ብዙ ጊዜ ቀዶ ሕክምና ይፈልጋል። ስለዚህ እባክሽ ናሙናው ሳይመረመር ከመድኃኒት ቤት ምንም አትግዢላቸው። ሰውን የሚያዘናጋው አለማመሙ ነው፤ በዝምታ እስከ አጥንት ይዘልቃል። ሳትዘገዪ ራጅና ላቦራቶሪ ወዳለው ሆስፒታል ውሰጂያቸው፤ እሾህ እንደወጋቸውም ለሐኪሙ ንገሪው።