ተዋናይ ሆኖ ሌላ ሙያ መያዝ ነውር ነው?

ባለፈው ሰሞን አንዲት ወጣት ተዋናይት ከልምምድ በኋላ ጠጋ አለችኝ። «ጋሼ፣ ሥራ ጠፋ። ልብስ ስፌት ልማር ነው። ሰው ‹አበቃላት› አይለኝም?» አለች። ጥያቄዋ የቆየ ቁጭት ቀሰቀሰብኝ።

እ.ኤ.አ. በ1990 መጀመሪያ በሃንጋሪ ዋና ከተማ ቡዳፔስት ተማሪ ነበርኩ። አከራዬ በዕድሜ የገፉ፣ ደግ ሴት ነበሩ። የዚያ አገር ብርድ አጥንት ይሰብራል፤ የሟች ባላቸውን ካፖርት አልብሰውኛል። ወጥ ቤት ሲገቡ ሁሌ የሃንጋሪዋን የፊልም ተዋናይትና ዘፋኝ የካታሊን ካራዲን ዘፈን ያንጎራጉራሉ። ካራዲ ኒውዮርክ ሞታ ለቀብር ወደ አገሯ ስትመለስ፣ «አብረን እንሸኛት» አሉኝ። ፈተና ነበረብኝና ቀረሁ። ያ ቀን እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። የፈተናውን ውጤት ግን ረስቼዋለሁ።

ማታ ሲመለሱ ዓይናቸው ቀልቷል። ሻይ አፍልተው እስከ እኩለ ሌሊት አወሩልኝ። በኋላ እኔም እያነበብኩ ጨመርኩበት።

ካራዲ የቡዳፔስት የሠራተኛ ሰፈር ልጅ ናት፤ በ1910 ኮባኛ ተወለደች። አባቷ ጫማ ሰፊ ነበር፤ ቤቱ ድህነትም ዱላም ያልጠፋበት ቤት ነው። በ1939 ከተዋናዩ ፓል ያቮር ጋር በሠራችው የመጀመሪያ ፊልሟ አገር አወቃት። ለሴት ያልተለመደ ወፍራም ድምፅ ነበራት። ሴቶች ጸጉራቸውን እንደ እሷ አበጠሩ፤ አከራዬም ኮረዳ ሳሉ አንዷ ነበሩ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ሃያ ያህል ፊልሞች ሠራች።

በ1944 ጀርመኖች ሃንጋሪን ሲይዙ የናዚ ምስጢራዊ ፖሊስ ጌስታፖ አሰራት። ወዳጇ የአገሪቱ የስለላ ሹም ነበርና ለጀርመን ጠላቶች ትሰልላለች ተባለች። ክፉኛ አሰቃይተው ለቀቋት። እኔ ብሆን ከዚያ በኋላ በሬን ዘግቼ እቀመጥ ነበር። እሷ ግን ዳኑብ ወንዝ ዳር ሊገደሉ የነበሩ አይሁድ ሕፃናትን ለጠባቂዎቹ ጌጧን ሰጥታ አስጣለች፤ ቤቷም ደበቀቻቸው። በናዚ የተጨፈጨፉ አይሁዶችን የሚዘክረው የእስራኤል ተቋም ያድ ቫሼም ለዚህ ውለታዋ በ2004 እውቅና ሰጣት፤ እሷ ግን ካረፈች ቆይታለች።

ከጦርነቱ በኋላ የመጣው መንግሥት አልፈለጋትም። ፊልሞቿ ከሲኒማ ጠፉ፣ ሥራም ነሷት። በ1951 ተሰደደች። ብራዚል፣ ሳኦ ፓውሎ ገብታ ባርኔጣ ቤት ከፈተች። በ1968 ኒውዮርክ ሄዳም ያው ባርኔጣ ነው ሥራዋ። ያቺ አገር ያበደላት ሴት የሌላ ሰው ጭንቅላት እየለካች እንጀራዋን በላች። ሰባ ዓመት ሲሞላት ከሃንጋሪ «ነይ፣ እናክብርሽ» አሏት። አልሄደችም፤ አንድ ባርኔጣ ላከችላቸው።

«ወደቀች ማለት ነው?» ብዬ አከራዬን ጠይቄያቸው ነበር። ተቆጡኝ። «ማንንም ሳትለምን ኖረች» አሉ። ባርኔጣውን የላከችበት ነገር ኩራት ነው ወይስ ቂም? እኔ ኩራት ነው እላለሁ።

እናንተ ልጆች ላይ አንድ ነገር አያለሁ። ሥራ ሲጠፋ መጥፋቱን ለመደበቅ የምትደክሙት ድካም ይበዛል። ፎቶ ይለጠፋል፣ «በቅርብ ቀን» ይባላል፤ የቤት ኪራይ ግን አልተከፈለም። በእኛ ጊዜ መምህርም ጸሐፊም ሆኖ ማታ መድረክ የሚወጣ ሞልቶ ነበር፤ ማንም ነውር አላለውም። የእጅ ሙያ ያለው ተዋናይ መጥፎ ድርሰት ሲመጣለት «አይ፣ ይቅርብኝ» ማለት ይችላል። ይህን ቀላል ነገር አድርጋችሁ አትዩት።

ደግሞ መቀስ ያዝን ብላችሁ ትወናን በትርፍ ጊዜ የሚሠራ ነገር አታድርጉብኝ። እሱ ሙሉ ሰው ይፈልጋል። ሁለቱ እንዴት አብረው ይሄዳሉ ብትሉኝ፣ እያንዳንዱ ሰው በራሱ መንገድ ነው የሚያስታርቃቸው፤ እኔም በሙሉ አላስታረቅኋቸውም።

አንቺ ልጄ፣ ስፌቱን ተመዝገቢ። የጠዋቱን ፈረቃ ያዢ፤ ልምምዳችን ከሰዓት ነው፣ ቦታሽን ለማንም አልሰጥም።