አባትሽ በየትኛው ዘመን እንደሠለጠኑ ለማወቅ ዓመቱን ሳይሆን አስተማሪውን ጠይቂ

እህቴ፣ ጥያቄሽን ትናንት ማታ ነው ያየሁት። «አባቴ ደብረ ዘይት አየር ኃይል ነው የሠለጠነው፣ አሁን በሕይወት የለም፣ የሥልጠናውን ታሪክ ለልጆቼ ጽፌ ማስቀመጥ እፈልጋለሁ፣ አዳማ ነው ያለሁት፣ ከየት ልጀምር?» ብለሻል። ከታች የተሰጡሽንም መልሶች አነበብኩ። አንዱ «ጉግል አድርጊ» ይላል። ሌላው «ቢሮ ሄደሽ ጠይቂ፣ ይነግሩሻል» ይላል። ይሄኛው ቢሮ ሄዶ የሚያውቅ ሰው አይመስለኝም።

እኔም እዚሁ አዳማ ነኝ። አባቴ፣ ነፍሱን ይማርና፣ የአየር ኃይል የሞተር ቴክኒሻን ነበር። ጡረታ ሲወጣ ናዝሬት ቤት ሠርቶ ገባ። የሱን ነገር አጠናቅራለሁ ብዬ ስንት ደጅ ጠናሁ መሰለሽ። ያንቺም ነገር ከኔ ብዙ አይርቅም ብዬ ነው እንግዲህ የምጽፍልሽ።

1. ዓመት ይዘሽ አትነሺ። አስተማሪው ማን ነበር ብለሽ ተነሺ። አየር ኃይላችን በየዘመኑ የሚያስተምረው ሰው ተለዋውጧል። አስተማሪው ሲለወጥ ቋንቋው፣ አውሮፕላኑ፣ የወረቀቱ ዓይነት፣ የቀን አቆጣጠሩም አብሮ ይለወጣል። አባትሽ ቤት ውስጥ ያወሩትን አስታውሺ። «ስዊድኑ እንዲህ ይለን ነበር» ይሉ ነበር? ወይስ አሜሪካ ስለ መሄድ ያወሩ ነበር? ወይስ ሞቅ ሲላቸው የሩሲያኛ ዘፈን ያንጎራጉሩ ነበር? ግማሹን ሥራ እዚያ ጋ ጨረስሽ።

ከስዊድኖቹ በፊት ያለው ዘመን አለ፣ እሱን በፍጥነት ልለፈው። የመጀመሪያው አውሮፕላን፣ ፈረንሳይ ሠራሹ ፖቴዝ 25፣ በነሐሴ 1921 አዲስ አበባ ገባ። ያመጣው አንድሬ ማዬ የሚባል ፈረንሳዊ ነው። ሚሽካ ባቢቼፍና አስፋው ዓሊ በ1923 መባቻ አካባቢ በራሪ ሆኑ። ሙሉመቤት እምሩም የዚያ ዘመን ሰው ናት፤ የመጀመሪያዋ ሴት በራሪያችን። ጆን ሮቢንሰን የተባለው ጥቁር አሜሪካዊ ደግሞ ከቺካጎ በ1927 መጣ፤ ጣሊያን ሲወረን ያችን ትንሽ አየር ኃይል መርቷል። ወረራው ሁሉንም አጠፋው። አባትሽ መቶ ዓመት ካልሞላቸው በቀር ይሄ ያንቺ ምዕራፍ አይደለም። ግን መግቢያው ላይ ጣል አድርጊው፣ ልጆች ይወዱታል።

ያንቺ ታሪክ የሚጀምረው ከስዊድኖቹ ነው። ካውንት ቮን ሮዘን የሚባለው ሰው በ1928 ለቀይ መስቀል የአምቡላንስ አውሮፕላን ሲያበር የነበረ ነው። ከነጻነት በኋላ ተመልሶ መጣና ቢሾፍቱ ላይ ትምህርት ቤቱን ከባዶ አቆመው። በ1939 ሳፊር የምትባለዋን ትንሽ የማሠልጠኛ አውሮፕላን ከስቶክሆልም አዲስ አበባ ድረስ አንድም ቦታ ሳያርፍ አምጥቷታል። ከ30 ሰዓት በላይ! ሮቢንሰንም ተመልሶ ነበር፤ ሁለቱ ግን አልተስማሙም። ሮቢንሰን እዚሁ አገራችን በ1946 በአውሮፕላን አደጋ ምክንያት ሞተ። ስለ ቮን ሮዘን ብቻ የሚጽፉ ሰዎች ሮቢንሰንን ሲዘሉት ይከነክነኛል። አንቺ እንዳትዘዪው።

አሜሪካኖቹ የመጡት በ1945ቱ የወታደራዊ ርዳታ ስምምነት በኩል ነው። ስዊድኖቹ ገና ሳይወጡ ማለት ነው። ስለዚህ አንድ ሠልጣኝ በስዊድኗ ሳፊር ጀምሮ፣ በአሜሪካኑ ቲ-28 አልፎ፣ ጀቱን በቲ-33 ሊለማመድ ይችላል። ከዚያ ተዋጊው ጀት ኤፍ-86፤ እሱ በ1952 አካባቢ ነው የመጣው። ኤፍ-5 ደግሞ በ1958። አባትሽ በራሪ ከነበሩ የትኛው ላይ እንደወጡ ማወቅ ዓመታቸውን ከነገረሽ ሁሉ በላይ ይነግርሻል። ቴክኒሻን ከነበሩ ደግሞ የትኛውን ሞተር እንደፈቱ።

አባቴ የገባው በ1954 ነው። የዚያን ዓመት ነገር ሲያወራ አይጠግብም ነበር። የእኛ ኤፍ-86ቶች በተባበሩት መንግሥታት ሥር ኮንጎ የዘመቱት ያኔ ነው። በዚያው ክረምት የናይጄሪያ ዕጩ መኮንኖች ለመማር መጡ። አሥር ነበሩ። ናይጄሪያ የራሷ አየር ኃይል ገና አልነበራትም፤ የመጀመሪያዎቹን ልጆቿን የላከችው እኛ ጋ ነው። «ምግባችሁ በርበሬ የለውም» ብለው ሲያማርሩ አበሻው ሁሉ ተናደደ ይለን ነበር። አሁን እዩት ደግሞ ታሪክ የሚሠራውን። ያንን ትምህርት ቤት ያቋቋመው ቮን ሮዘን ከኛ አገር በ1948 ሄደ። በ1961 ከናይጄሪያ ለመገንጠል ትዋጋ ለነበረችው ቢያፍራ ተሰልፎ፣ በትናንሽ የስዊድን አውሮፕላኖች የናይጄሪያን የአየር ማረፊያዎች ደበደበ። ራሱ ደግሞ በሐምሌ 1969 ጎዴ ላይ፣ በእኛና በሶማሊያ ጦርነት ተገደለ። አባቴ ይህን ሲነግረን ድምፁ ዝቅ ይል ነበር፤ ሰውየውን ይወደው ነበርና።

2. ቀኑን አጣሪ። ይሄ ነው ያንገበገበኝ። የአባቴ የቴክኒሻን ሰርቲፊኬት በእንግሊዝኛ በታይፕ የተጻፈ ነው። ወረቀቱ ስስ፣ ጠርዙ ቡናማ የሆነ። ከታች ሁለት ፊርማ አለ፤ አንዱ የፈረንጅ፣ አንዱ ያበሻ። ቀኑ 1963 ይላል። በፈረንጅ ነዋ! በኛ 1955 ነው። እኔ ይህን ይዤ አንድ መዝገብ ቤት ሄድኩ። የት እንደሆነ አልናገርም፤ አገሩ ትንሽ ነው። መስኮቱ ውስጥ ያለው ሰውዬ ቀና ሳይል የ1963ን ጥራዝ አገላብጦ «የለም» አለኝ። የፈረንጅ አቆጣጠር ነው አልኩት። ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? «እዚህ የመንግሥት ቤት ነው፣ በፈረንጅ አንሠራም።» ወረቀቱ እኮ የመንግሥት ነው አልኩት። ቡናውን ጠጥቶ እስኪመለስ ቆሜ ጠበቅኩ።

ለማሳየት ያህል 1991ን ውሰጂ። በፈረንጆች 1991 ማለት ደርግ ወድቆ አየር ኃይሉ የተበተነበት፣ ሥልጠናውም የቆመበት ነው፤ በኛ 1983። በኛ 1991 ደግሞ ከኤርትራ ጋር ጦርነት ላይ ሆነን ሱ-27 ተዋጊ ጀት ከሩሲያ የገባበት ነው። አንዱ የሞት፣ አንዱ የትንሣኤ ዓመት። አንድ ጽሑፍ ላይ ሁለቱ ተደባልቀው አይቻለሁ፤ ሰውየው አየር ኃይሉን በተበተነበት ዓመት ሱ-27 አስታጥቆታል።

የቦታ ስምም እንዲሁ ነው። ቢሾፍቱ፣ ደብረ ዘይት፣ ሐረር ሜዳ፤ ሁሉም የሚያወራው ስለ አንድ ጊቢ ነው። ናዝሬትና አዳማን ላንቺ አልነግርሽም።

3. ኦርጅናል ወረቀት ለማንም እንዳትሰጪ። ያው መዝገብ ቤት በሌላ ጊዜ «ኦርጅናሉ ካልገባ ፋይል አይከፈትም» አለኝ። ኮፒው ማህተም ያለበት ነው ብል ማን ሰምቶኝ። ሰጠሁ። ከዚያ «ፋይሉ ላይ ቤት ነው» ተባለ። ላይ ቤት ወጣሁ፣ «ታች መልሰናል» ተባለ። ታች «አልደረሰንም።» ይህ ሁሉ ሆኖ አንዷ ሴትዮ «ባለቤቱ ራሱ ቀርቦ ያመልክት» አለችኝ። አባቴ ሞቷል እኮ ነው የምልሽ አልኳት። «እንግዲያው የሞት ማስረጃ አምጣ።» እስከ ዛሬ ኦርጅናሉ አልተገኘም። ከመስጠቴ በፊት በስልክ ፎቶ አንስቼው ስለነበር ነው ስለ ፊርማዎቹ ላወራሽ የቻልኩት።

ወረቀቱ ቢጠፋም የተማረው ነገር አልጠፋም። ቤታችን ጓሮ የመሣሪያ ሰሌዳ ነበረው። ኮምፔንሳቶው ላይ የእያንዳንዱን ቺያቤ፣ ካቻቪቴና ፒንሳ ቅርጽ በቀይ ቀለም ዙሪያውን ስሏል። ማታ አንድ ቦታ ባዶ ከሆነ ቤተሰቡ በሙሉ ይፈልጋል። ራት ይቆያል። ጀት ሞተር ውስጥ የተረሳች አንዲት ቡሎን ሰው ትገድላለች ብለው አስተምረውታላ። እንዲህ ያለውን ነገር አባትሽም ያደርጉ ከነበረ ጻፊው። የትኛውም መዝገብ ቤት አይሰጥሽም።

4. ቢሮውን ተዪና ሰዎቹን ፈልጊ። ደብረ ዘይት ውረጂ፤ ከአዳማ ምን አላት፣ በጠዋት ተነስተሽ ለምሳ ትመለሻለሽ። የአየር ኃይል ጡረተኞችን ዕድር ጠይቂ። የዕድር ጸሐፊ ማለት መዝገብ ቤት ማለት ነው፣ ያውም የሚያስቀምጥ ወንበር ያለው። ማን ከማን ጋር ገባ፣ ማን አሜሪካ ሄደ፣ ማን ሳይመለስ ቀረ፣ ሁሉን ያውቃል። «የእገሌ ልጅ ነኝ» በይ። የአባትሽን ስም ስትጠሪ ፊታቸውን ታዪዋለሽ። አዲስ አበባ ከወጣሽ ደግሞ ወመዘክር፣ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍቱ ማለቴ ነው፣ የድሮ አዲስ ዘመን ጋዜጣ ጥራዞች አሉ። የምረቃ ዜና፣ ንጉሡ ክንፍ ሲያለብሱ የተነሳ ፎቶ፣ ስም ዝርዝር ካገኘሽ ዕድለኛ ነሽ።

አባትሽ ደርግ ዘመን የገቡ ከሆነ ግን ነገሩ ሌላ ነው። የኦጋዴንን ሰማይ የጠበቁት እነ ለገሠ ተፈራ፣ እነ በዛብህ ጴጥሮስ በአሜሪካኑ ሥርዓት የተማሩ ናቸው፣ የተዋጉትም በኤፍ-5 ነው። ጦርነቱ መሃል ግን ወዳጅ ተለወጠ። አሜሪካ ወጣች፣ ሶቪየት ገባች። በእንግሊዝኛ የተማረ በራሪ ሚግ-21 እና ሚግ-23 ሊማር በሩሲያኛ ሀ ብሎ ጀመረ። ከዚያ በኋላ የገቡት ወጣቶች በቀጥታ ወደ ሶቪየት ይላካሉ፤ መጀመሪያ ቋንቋ፣ ከዚያ በረራ። ማሠልጠኛ ጀቱም የቼኮዝሎቫኪያው ኤል-39 ሆነ። አባቴ ሁለቱንም ሞተር ሠርቷል፤ «የአሜሪካኑ መጽሐፉን አንብብ ይልሃል፣ የሩሲያው እጅህን እመን ይልሃል» ይል ነበር። የትኛው ይሻላል ስለው ግን መልስ አይሰጥም።

ከዚያ ግንቦት 1981 መጣ። የመፈንቅለ መንግሥቱ ሙከራ። አዛዡ ሜጀር ጄኔራል አምሃ ደስታ ሕይወታቸው አለፈ፣ የቀድሞው አዛዥ ፋንታ በላይ እስር ቤት ሞቱ፣ ሌሎችም ብዙ መኮንኖች አለቁ። ስንት አገር ወጥቶባቸው፣ ስንት ዓመት ተምረው! አባቴ ስለዚያ ሳምንት አይናገርም ነበር። ጡረተኞቹን ስታነጋግሪ ይህን በመጀመሪያው ቀን አታንሺባቸው። ከሳፊር ጀምሪ፤ እየሳቁ ይነግሩሻል፣ ወደዚያኛው ራሳቸው ይመጡልሻል።

አሁን ካንቺ የምፈልገው አንድ ነገር ነው። አባትሽ በራሪ ነበሩ ቴክኒሻን? ፎቶ ካለሽ ከኋላቸው የቆመውን አውሮፕላን አንሺና እዚህ ከታች ለጥፊው። የደብረ ዘይት ልጆች ግሩፑ ውስጥ ሞልተዋል፣ ጅራቱን አይተው ስሙን ይነግሩሻል። «ጉግል አድርጊ» ያልከው ወንድሜም ካወቅክ ና ንገራት።