ያ ጡንቸኛ ሰውዬ ማን ነው?

ጥያቄ፦ ሰላም ናችሁ? ባሕር ዳር፣ ጣና ዳር ጀልባ ላይ ዕቃ ጫኝ ነኝ። በስልኬ «ካቢሪያ» የሚባል ድምፅ አልባ የጣሊያን ፊልም አየሁ። ያ ግዙፉ ባሪያ ጥቁር ነው ወይስ ተቀብቶ ነው?

መልስ፦ ተቀብቶ ነው ወንድሜ፣ ዓይንህ አልዋሸህም። ተዋናዩ ባርቶሎሜዎ ፓጋኖ ይባላል፤ በ1878 እ.ኤ.አ. የተወለደ የጣሊያኗ ወደብ ከተማ የጄኖቫ ሰው ነው። እሱም እንዳንተው የወደብ ሠራተኛ ነበር፣ የቲያትር ቤት ደጃፍ የረገጠ አይደለም። ዳይሬክተሩ ጆቫኒ ፓስትሮኔ የፈለገው ግን ጉልበቱ ከሩቅ የሚታይ ሰው ነበርና በ1914 በወጣው በዚህ ፊልም ማቺስቴ የተባለውን አፍሪካዊ ባሪያ አደረገው። ወፍጮ ላይ በሰንሰለት ታስሮ ሲገፋ ያየኸው እሱ ነው። ተመልካቹ በጣም ስለወደደው በማቺስቴ ስም ሌሎች ፊልሞች ተከታተሉ። እዚህ ላይ ነው ጉዱ! በ1915ቱ ፊልም ማቺስቴ ጥቁር መሆኑ ቀረ፤ በ1916 ደግሞ የአልፕስ ተራራ ወታደር ሆኖ ኦስትሪያውያንን ሲደበድብ ጭራሽ ነጭ ጣሊያናዊ ነው። ባሪያ ሲሆን አጠቆሩት፣ የአገር ጀግና ሲሆን አነጡት፤ እኔን ከጡንቻው ይልቅ የገረመኝ ይሄ ነው። እስከ 1920ዎቹ መጨረሻ ሠራ፣ በ1947 ሞተ። ገጸ ባሕርይው ግን ከእሱ በላይ ዕድሜ አገኘ፤ በ1960ዎቹ ሌሎች ጡንቸኞች በዚሁ ስም ተውነዋል።