«የራሴ ስታይል» ለምትሉ ካሜራማኖች

ካሜራ የያዘ ወጣት ሁሉ የሚጠይቀኝ ያንኑ ነው፦ «ጋሼ፣ የራሴን ስታይል እንዴት ላምጣ?» ኧረ ቀስ በሉ! እስቲ ስለ ካሜራማኑ ኦቶ ሄለር ላጫውታችሁ። ዓመቶቹ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ሄለር በ1896 ፕራግ ተወለደ። ድምፅ አልባ ፊልም በነበረበት ዘመን ከዳይሬክተሩ ካሬል ላማች እና ከተዋናይቷ አኒ ኦንድራ ጋር ብዙ ፊልም ሠራ። በአገሩ የታወቀ ካሜራማን ነበር። ከዚያ ሂትለር መጣ፤ በ1939 የጀርመን ጦር ፕራግ ገባ። ሄለር 40ን አልፎ በሰው አገር፣ እንግሊዝ ውስጥ፣ ኑሮን እንደ አዲስ ጀመረ።

በጦርነት ጊዜ ስደተኛ አያማርጥም። የስለላም ይሁን የወንጀል ፊልም፣ የመጣለትን ቀረጸ። በ1943 ደግሞ እሱም ተሰዶ የመጣው ላማች እዚያው እንግሊዝ ፊልም ሲሠራ፣ ካሜራው ጋ የቆመው ሄለር ነበር። (ዛሬ አብራችሁ ማኪያቶ የምትጠጡትን ጓደኛ አትናቁ።)

ከጦርነቱ በኋላ የሠራቸውን ደርድራችሁ እዩ። «ዘ ኩዊን ኦፍ ስፔድስ» (1949) ጥቁርና ነጭ ነው፤ ሻማ፣ መስታወት፣ ጥላ። «ዘ ሌዲኪለርስ» (1955) ባለ ቀለም ኮሜዲ ነው። «ፒፒንግ ቶም» (1960) ላይ ግን ቀለሙ ራሱ ያስጨንቃል። የአንድ ሰው እጅ ነው ቢሏችሁ አታምኑም። ሰውየው ታሪኩ የጠየቀውን ነው የሰጠው።

እኔ ደጋግሜ የማየው የስለላ ፊልሙን «ዘ ኢፕክረስ ፋይል»ን (1965) ነው። ዳይሬክተሩ ሲድኒ ፉሪ ገና 30ዎቹ መጀመሪያ ላይ ነበር፤ ሄለር ወደ 70 ተጠግቷል። የልጅ ሐሳብ ነው ብሎ አልናቀውም። ካሜራው ወለል ላይ ይተኛል፣ ከአምፖል ሽፋን ጀርባ ይደበቃል። አንድ ድብድብ አለ፤ ሰዎቹ ውጭ ይቧቀሳሉ፣ እኛ የምናያቸው ከስልክ ዳስ ውስጥ ሆነን በመስታወቱ በኩል ነው። ከቡጢው ይልቅ አጥርቶ አለማየታችን ያስጨንቃል።

ፊልሙ የተቀረጸው ቴክኒስኮፕ በሚባል የቀረጻ ዘዴ ነው። ለአንድ ፍሬም (ለአንድ ምስል) በፊልሙ ጠርዝ ላይ ከተደረደሩት ቀዳዳዎች በተለመደው 4 ፋንታ የ2 ቀዳዳ ቁመት ብቻ ስለሚወስድ የፊልሙን ጥቅል በግማሽ ይቆጥባል። ሰፊውን ምስል በተራና አጠር ባለ ሌንስ ስለሚያነሳም፣ ቅርብና ሩቅ ያለውን አብሮ ፎከስ ውስጥ ማስገባት ይቀላል። ለዚያ ሁሉ ድብብቆሽ በር የከፈተው ርካሹ ዘዴ ነው ማለት ነው። ሄለር በዚህ ሥራው የእንግሊዞቹን የፊልም ሽልማት፣ ባፍታን፣ ወሰደ።

የእናንተም ስልክ ሌንሱ አጭር ነው። ጀርባውን ለማደብዘዝ ከአፕ ጋር ከምትታገሉ ፊት ለፊት አንድ ነገር አድርጉ፤ የበር ጠርዝም፣ ብርጭቆም ይሁን። ከኋላው ሆናችሁ አንሱ። መጀመሪያ ግን ፊልሙን እዩት፤ ያውም በስልክ ሳይሆን ባገኛችሁት ትልቅ ስክሪን።