ብርጭቆው ከስሩ ያለውን የመስታወት ማስቀመጫ ይዞ የሚነሳው ለምንድን ነው? (መልስ)

«ብርጭቆዬን ሳነሳ ማስቀመጫው አብሮ ተጣብቆ ይነሳና ይወድቃል» ላልከው፣ ምክንያቱ የማስቀመጫው ልሙጥነት ነው። መስታወት ውሃ አይመጥጥም። ቀዝቃዛ ብርጭቆ ሲያልበው ጠብታው ወደ ታች ወርዶ በሁለቱ ልሙጥ ገጾች መካከል ስስ የውሃ ሽፋን ይሠራል፤ የሚያጣብቃቸው እሱ ነው። ለዛሬ ቁራጭ ጨርቅ ወይም ናፕኪን ላዩ ላይ አንጥፍበት፣ ይበቃል።

ልትቀይረው ከሆነ ግን እኔ ያልተለበጠ ሸክላ እመርጣለሁ። ጥቃቅን ቀዳዳዎች ስላሉት ጠብታው ሲያርፍበት ወዲያው ጠቆር ይልና ወደ ውስጥ ይሰርጋል፤ ላዩ ደረቅ ይሆናል። ወፍራም ሱፍም በደንብ ይመጥጣል፣ ለመድረቅ ግን ጊዜ ይፈልጋል። ቡሽ እንደነሱ አይመጥጥም፤ ሸካራ ስለሆነ ግን ከብርጭቆው ጋር አይጣበቅም። ሲሊኮን ጠርዙ ከፍ ያለ ካልሆነ ውሃውን ወደ ጠረጴዛው ይለቀዋል። ቫርኒሽ ያልተቀባ እንጨት ደጋግሞ ሲርስ ይጣመማል።

አንድ ነገር ተጠንቀቅ፦ የሚመጥጥ ነገር ውሃውን አያጠፋውም፣ ይይዘዋል እንጂ። እኔ ስሩ ምንም ያልተለጠፈበት ሸክላ ማስቀመጫ እንደረጠበ ቫርኒሽ በተቀባ ጠረጴዛ ላይ አሳደርኩት። ጠዋት ሳነሳው በልኩ የተሠመረ ነጭ ክብ አገኘሁ፤ እርጥበቱ ቫርኒሹ ውስጥ ገብቶ ነበር። ስለዚህ ከስሩ ቡሽ የተለጠፈበትን ግዛ፤ ተጠቅመህ ስትጨርስም ሁለቱም ገጽ አየር እንዲያገኝ በጠርዙ አቁመህ አድርቀው።